የቴሌቪዥን ከፍታና የተመልካች አንገት

ቴሌቪዥን በአገራችን በ1957 ዓ.ም. ሥራውን ሲጀምር መቀበያው በጠረጴዛ ላይ የሚቀመጥ ከባድ ሣጥን ነበር። ዛሬ ግን ስስና ሰፊ ሆኖ በግድግዳ ላይ የሚሰቀል ስለ ሆነ፣ ከፍታውን መወሰን የባለቤቱ ፈንታ ሆኗል።

ብዙዎቻችን ከጣራ ሥር እንሰቅለዋለን። ይህ በቡና ቤት ተገቢ ነው፤ ከኋላ የቆመው ከፊቱ ባለው ሰው ራስ ላይ አሻግሮ እንዲያይ ይረዳዋልና። በመኖሪያ ቤት ግን ቀና ብሎ ሁለት ሰዓት ለሚቀመጥ ሰው ትርፉ የአንገት ሕመም ነው።

ስለዚህ መለኪያው ግድግዳው ሳይሆን የተቀማጩ ዓይን ሊሆን ይገባል። በሶፋ ላይ የተቀመጠ አዋቂ ሰው ዓይኑ ከወለሉ 1 ሜትር ወይም ጥቂት ከፍ ይላል። የባለ 55 ኢንች ቴሌቪዥን መስተዋት ቁመቱ 68 ሳንቲሜትር ገደማ በመሆኑ፣ የታችኛው ጠርዝ በ70 ሳንቲሜትር ላይ ቢውል መካከሉ ከዓይን ጋር ይስተካከላል።

«ልጆች እንዳይነኩት ነው» የሚሉ አሉ። ይሁን እንጂ ልጆችን ከአደጋ የሚጠብቀው ከፍታው ሳይሆን የማሠሪያው ጥንካሬ ነው። ብሎኬት ውስጡ ባዶ ስለ ሆነ ለእርሱ የሚስማማ ፊሸር ያስፈልገዋል።

ግድግዳው ከመበሳቱ በፊት ካርቶን በቴሌቪዥኑ ልክ ቆርጦ መለጠፍና ቤተ ሰቡን በየመቀመጫው አስቀምጦ ማሳየት ይበጃል። በዚህም ጊዜ ቡና የሚያፈሉትን እናት ከነዱካቸው እንዳንረሳ አደራ እንላለን፤ ዓይናቸው ከሁሉ ዝቅ ያለ ነውና። ለእርሳቸው የተመቸ ለሌላው አይከብድም።