ወጣቱን ወደ ተፎካካሪው የሸኘው ቢቢሲ ራሱ ነው

እስከ እ.ኤ.አ. 1957 መጀመሪያ ድረስ የብሪታንያ ቴሌቪዥን በየምሽቱ ለአንድ ሰዓት ይጠፋ ነበር። በእንግሊዞች አቆጣጠር ከ6 እስከ 7 ሰዓት ስርጭት የለም፤ ወላጆች ልጆቻቸውን እንዲያስተኙ በሚል። ክልከላው በፌብሩዋሪ ሲነሳ ቢቢሲ የቅዳሜውን ባዶ ሰዓት «ሲክስ ፋይቭ ስፔሻል» በተባለ የወጣቶች ዝግጅት ሞላው። ስሙም ከሚጀምርበት ሰዓት፣ ከ6፡05 የተወሰደ ነው።

ከአዘጋጆቹ አንዱ ጃክ ጉድ አንድ ነገር ገብቶታል፤ ወጣቱ ማየት የሚፈልገው ሙዚቃውንና ራሱን ነው። ስለዚህ ታዳሚውን ከዘፋኞቹ ጋር አደባልቆ በካሜራ ፊት አስጨፈረ። አለቆቹ ግን በሮክ ኤንድ ሮል ብቻ አልተማመኑም። ስፖርቱንም፣ ቁም ነገሩንም ይቀላቀልበት አሉ።

ውጤቱስ? ጉድ ወደ ተፎካካሪው አይቲቪ ሄደ። በ1958 በዚያው በቅዳሜ ምሽት «ኦ ቦይ!»ን ይዞ መጣ፤ ሙዚቃ ብቻ፣ ፋታ የማይሰጥ። ወጣቱ ክሊፍ ሪቻርድ ስሙ የገነነው እዚህ መድረክ ላይ ነው። የቢቢሲው ዝግጅት በዚያው ዓመት መጨረሻ ተዘጋ።

የሕዝብ ሚዲያ ማስተማር የለበትም ማለት አይደለም። በሙዚቃ ጠርቶ ምክር ማብላት ግን ለሠርግ የጠሩትን እንግዳ ስብሰባ ላይ ማስቀመጥ ነው። ቢቢሲም ቢዘገይ ገብቶታል። በ1964 የጀመረው «ቶፕ ኦቭ ዘ ፖፕስ» ሙዚቃውን ለሙዚቃነቱ አቀረበ፤ እስከ 2006 ድረስም ዘለቀ።

ወጣት ጣቢያ የሚቀይረው ቁም ነገር ስለሚጠላ አይደለም። እንዳልታመነ ሲያውቅ ነው።