ጠርሙሱ ሲገባ ማንጎው ለምን በር ላይ ይቆማል?

በናይሮቢ በሚኖሩ ብዙ ኢትዮጵያውያን ቤት የገና ማዕድ ሁሉም የሚያውቀው መልክ አለው። ሽንኩርቱ ከዋዜማው ጀምሮ በዝግታ ሲቁላላ ያመሻል፤ ዶሮው በ12 ብልት ተገንጥሎ በሎሚና በጨው ተደጋግሞ ይታጠባል፤ እንቁላሉ ተልጦ ከወጡ ይገባል፤ አይቡ በትንሽ ሳህን ይቀርባል፤ ቄጠማ ቢጠፋ እንኳ እሱን የሚመስል ሣር ተፈልጎ ይጎዘጎዛል። በዚህ ሁሉ ጥንቃቄ መካከል ግን ከመሶቡ አጠገብ አንድ የፋብሪካ ጠርሙስ ቆሞ ይታያል። ለልጆቹ ተብሎ የመጣ ካቻፕ ነው፤ ወይም ለእንግዶቹ ክብር ተብሎ ከሱፐርማርኬት የተገዛ የማንጎ ቸትኒ። በማን ፈቃድ ከበዓሉ ማዕድ እንደተቀመጠ የሚጠይቅ የለም።

ከግቢው በር ውጭ ደግሞ የማንጎ ጋሪ ቆሟል። ገና የሚውልበት ሰሞን በኬንያ ዋናው የማንጎ ወቅት ነው። ከባሕሩ ዳርቻ ረዘም ያለው ንጎዌ፣ ከማኩዌኒ በኩል ደግሞ ክቡ አፕል ማንጎ ወደ ከተማው ይጎርፋል። ከቤቱ ሰዎች አንዱ፣ «ከዚህ ማንጎ ትኩስ ማባያ ተከትፎ ከወጡ ጎን ቢቀርብስ?» ያለ እንደሆነ መልሱ ፈጣን ነው፤ «ማንጎ ከዶሮ ወጥ ጋር? ይህማ ባህላችን አይደለም!» ጠርሙሱ ያለ ጥያቄ ሲያልፍ ማንጎው በባህል ስም በር ላይ ይቆማል። ነገሩ የአንድ ሳህን ማባያ ጉዳይ ብቻ ቢመስልም፣ ባህል ማለት ምን እንደሆነ የሚፈረድበት ችሎት በመሆኑ ፍርዱ የተዛባ መሆኑን ማሳየት ይገባል።

በመጀመሪያ «ባህላችን አይደለም» የሚለው ክርክር ይመርመር። ለዶሮ ወጥ ቀለሙንና ግርማውን የሰጠው ቀይ በርበሬ በትውልዱ የአሜሪካ ምድር ተክል ነው። ወደ ቀረው ዓለም የተሻገረው ኮሎምበስ በ1492 እ.ኤ.አ. ውቅያኖሱን ካቋረጠ በኋላ ነው። ቲማቲምም እንደዚሁ። እንግዲህ በርበሬ ከባሕር ማዶ መጥቶ፣ በአበሻ ሴቶች እጅ ተቀጥቅጦ፣ ከኮረሪማና ከጥቁር አዝሙድ ጋር ተዋሕዶ የቤት ልጅ ሊሆን ከቻለ፣ ፍሬን የሚከለክለው ሕግ ከየት ተገኘ? በርበሬን የሀገር ልጅ ያደረገው የተወለደበት ቦታ ሳይሆን ለብዙ ትውልድ የተደከመበት ሥራ ነው።

በዚህ ላይ ማንጎ ለአፍሪካ ቀንድ ማዕድ እንግዳ አይደለም። የታንጀሩ ተጓዥ ኢብን ባቱታ በ1331 እ.ኤ.አ. መቋድሾ በደረሰ ጊዜ የቀረበለትን የእንግዳ ምግብ በጉዞ መጽሐፉ ገልጾታል። በቅቤ የበሰለ ሩዝ፣ ከላዩ የሥጋ፣ የዶሮና የዓሣ ወጥ፤ ከጎኑ የኮመጠጠ ሎሚ፣ እርጥብ ዝንጅብልና ማንጎ። ማንጎው ሲበስል እንደሚጣፍጥ፣ ሳይበስል ግን እንደ ሎሚ እንደሚኮመጥጥና ሰዎቹም ጥሬውን በሆምጣጤ እንደሚያዘጋጁት ያስረዳል። ያ ማባያ በሆምጣጤ የተቀመጠ ነበር፤ አሁን የሚባለው ትኩሱ ነው፤ ልዩነቱ አይካድም። ቁም ነገሩ ግን ሌላ ነው። ኮሎምበስ ከመወለዱ ከ100 ዓመት በላይ አስቀድሞ በዚህ ቀንድ ምድር፣ ለተከበረ እንግዳ፣ ከዶሮ ወጥ ጎን ጎምዛዛ ማንጎ ቀርቧል። ዕድሜ የሚቆጠር ከሆነ በዚህ ክፍለ ምድር ማንጎው ከቀይ በርበሬው ይቀድማል ማለት ነው።

ሁለተኛው ክርክር «ወጥ በራሱ ምሉዕ ነው፤ ማባያ አይሻም» የሚል ነው። ይህን የሚሉ ሰዎች የራሳቸውን መሶብ ልብ ብለው አላዩትም። አይብ ከዶሮ ወጥ አጠገብ የሚቀመጠው ለምንድን ነው? የበርበሬውን ትኩሳት እንዲያበርድ አይደለምን? ቅባትና ቃጠሎ የበዛበት ምግብ የሚያቀዘቅዝና የሚያኮመጥጥ ጓደኛ እንደሚፈልግ የቀደሙት እናቶች ጠንቅቀው ያውቁ ነበር። በተለይ 43 ቀን ከገና በፊት፣ 55 ቀን ከፋሲካ በፊት ቅቤና ሥጋ ሳይቀምስ የቆየ ሆድ በአንድ ጠዋት ያን ሁሉ ቅባት ሲቀበል፣ ከጎኑ አንድ ማንኪያ ጎምዛዛ ፍሬ ማግኘቱ ሁለተኛውንም ጉርሻ በደስታ ያስቀበለዋል። እነዚሁ ተከራካሪዎችም ቢሆኑ በሳምንቱ መጨረሻ የተጠበሰ ሥጋ በልተው ሲመለሱ፣ ኬንያውያን ካቹምባሪ የሚሉትን የሽንኩርት፣ የቲማቲምና የቃርያ ክትፍ ከጎኑ ሳህኑን ጠርገው ነው። ያን ጊዜ ባህል አልፈረሰም። የሚፈርሰው በበዓል ቀን ብቻ ነውን?

ስለ ጠርሙሱ ደግሞ እውነቱ ይነገር። ጠርሙስ መርዝ አይደለም። ፍሬ በሌለበት ወራት፣ ገበያ በራቀበት ስፍራ ጣዕምን ለማቆየት የተፈጠረ ብልሃት ነው። በሞምባሳና በዛንዚባር ያሉ እናቶች በፀሐይ አድርቀው በቅመም የሚያሹት የማንጎ አቻርም ሊከበር የሚገባው ጥበብ ነው። የፋብሪካው ጠርሙስ ግን ስኳር የበዛበት ነው። አንድ የሾርባ ማንኪያ ካቻፕ 4 ግራም ያህል፣ ማለትም አንድ የሻይ ማንኪያ ስኳር ይይዛል፤ ቸትኒው ከዚህም ይብሳል። ከጎምዛዛው የሚጠበቀው ቅባቱን መቁረጥ ሲሆን ይህ በቅባቱ ላይ ጣፋጭ ይደርብበታል። ፍሬው በደጅ ተቆልሎ ሳለ የፍሬውን ምስል የያዘ ወረቀት የተለጠፈበት ጠርሙስ መግዛት «በእጅ የያዙት ወርቅ ከመዳብ ይቆጠራል» የሚለውን ተረት በተግባር መፈጸም ነው።

ይህ ስሕተት የናይሮቢ ብቻ አይደለም። በአሶሳ የማንጎው ወቅት ከፋሲካ ብዙ አይርቅም። በዚያ ሰሞን በመንገድ ዳር በክምር የሚሸጠው ፍሬ ገዢ አጥቶ ሲበላሽ ይታያል። አዲስ አበባ ላይ ግን ማንጎ ወይ ጭማቂ ነው፤ ወይ ከምግብ በኋላ የሚላጥ ፍሬ ነው፤ በበዓሉ ወጥ አጠገብ ቦታ አልተሰጠውም። ገበሬው ዛፉን ተክሎ፣ ጠብቆ፣ ፍሬውን አውርዶ ሲያበቃ የሀገሩ ሰው የሚበላበትን መንገድ ስላጠበበው ብቻ ልፋቱ መንገድ ላይ ይቀራል።

ማባያውን ማዘጋጀት ደግሞ ከማንም አቅም በላይ አይደለም። ለ8 ሰው 3 ማንጎ ይበቃል፤ አንዱ ጥሬና ጎምዛዛ፣ ሁለቱ መብሰል የጀመሩ ግን ሲጫኗቸው የማይሰረጉዱ ይሁኑ። ፈጽሞ የበሰለ ማንጎ ሲከተፍ ይላቁጣልና አይመረጥም። አንድ ቀይ ሽንኩርት በስሱ ተከትፎ፣ በጨው ታሽቶ፣ በንጹሕ ውኃ ይለቀለቃል፤ ይህን ጊዜ የሚያስለቅሰው ኃይሉ ይወጣለታል። አንድ ወይም ሁለት ቃርያ ፍሬውና ነጩ ሥሩ ወጥቶ ይከተፋል፤ ማቃጠሉ የበረታው በዚያ ነጭ ሥር ላይ ነውና። አንድ እፍኝ የድንብላል ቅጠል ይጨመራል፤ በኬንያ ገበያ ዳንያ የሚባለው ነው። በመጨረሻ የሁለት ሎሚ ጭማቂ ይፈስበታል፤ ሎሚው ጣዕም ከመስጠቱም ሌላ የተቆረጠው ፍሬ ቶሎ እንዳይጠቁር ይከላከላል። ጨው የሚነሰነሰው ሊቀርብ ሲል ነው። ቀድሞ ከገባ ፍሬው ውኃውን ይለቅና ማባያው ሾርባ ይሆናል። ከወጡ ላይ አይፈስም፤ በራሱ ሳህን፣ እንደ አይቡ፣ ከጎን ይቀመጣል። የወደደ ይጠቅሳል፤ ያልወደደ ይተዋል። የእንስሳ ተዋጽኦ ስለሌለበትም በጾሙ ወራት ከሽሮና ከምስር ጋር ሊለመድ ይችላል።

ከተቃውሞዎቹ ሁሉ ክብደት ያላቸው ሁለት ናቸው። አንደኛው የሴቶቹ ነው። ሌሊቱን ሙሉ ከምድጃ ሥር ላደረች እናት ሌላ ሥራ መጨመር ግፍ ነው ይላሉ፤ ልክ ናቸው። መፍትሔው ግን ጠርሙስ መግዛት ሳይሆን ቢላዋውን ለሌላ እጅ ማስተላለፍ ነው። ቀድሞ የበዓል በግ የሚያርደው አባወራ በአፓርታማ ኑሮ ያ ሥራው እንኳ ቀርቶለት ከቴሌቪዥኑ ፊት ተቀምጧል። ይህ ማባያ እሳት አይፈልግም፤ ሽንኩርት ሲበስል መጠበቅን አይሻም፤ ለዓመታት የተካነ እጅም አይጠይቅም። ግማሽ ሰዓት፣ አንድ መክተፊያና አንድ ቢላዋ ያለው ወንድ ይሠራዋል። ልጆቹም ሎሚ ይጨምቃሉ፤ ቅጠል ይቀነጥሳሉ። በስደት ሀገር የተወለደ ልጅ በዓልን የሚያውቀው በመብላት ብቻ ከሆነ፣ ሲያድግ በዓሉ ከምግብ ቤት የሚታዘዝ ዕቃ ይሆንበታል። አንድ ሎሚ የጨመቀ ልጅ ግን በማዕዱ ላይ የራሱ ድርሻ አለው።

ሁለተኛው ተቃውሞ የጤና ነው። ኮሌራ በየጊዜው በሚከሰትባቸው የቀንዱና የምሥራቅ አፍሪካ ከተሞች ጥሬ ነገር መፍራት ሞኝነት አይደለም። ስለዚህ ማንጎው ከመላጡ በፊት፣ ቅጠሉና ቃርያውም ከመከተፋቸው በፊት በንጹሕ ውኃ ይታጠቡ፤ ውኃው ካላስተማመነ ፈልቶ ይቀዝቅዝ። ዶሮው የተገነጠለበት መክተፊያ ለፍሬ አይዋል። ሎሚ ያግዛል እንጂ የእጥበትን ቦታ አይተካም። ተዘጋጅቶም ሞቃት ክፍል ውስጥ ሲውል ሊያመሽ አይገባም፤ በዕለቱ ተሠርቶ በዕለቱ ይለቅ። ይህ ሁሉ ጥንቃቄ ነው፤ ነገር ግን ዶሮ በሎሚና በጨው ደጋግሞ ለሚያጥብ ቤት ማንጎ ማጠብ ከበደኝ ማለት አያምርበትም።

ባህልን እንጠብቃለን የሚሉ ሰዎች የሚጠብቁት ነገር ምን እንደሆነ ቢያስቡ መልካም ነው። የበዓል ማዕድ የተከበረው ስሙ በዝርዝር በተጻፈ ምግብ አይደለም። ለዕለቱ ተብሎ፣ በዕለቱ፣ በቤተሰቡ እጅ የተደከመበት በመሆኑ ነው። በዚህ ሚዛን ሲመዘን ማን ባዕድ እንደሆነ ግልጽ ነው። ማንም ያልደከመበት ጠርሙስ ዛሬ ተከፍቶ፣ ተከድኖ፣ ለሚመጣውም ዓመት በዓል ሊደርስ ይችላል። ዛሬ የተከተፈው ማንጎ ግን ለነገ አይተርፍም፤ በዓሉም አይተርፍም። ስለዚህ በመጪው ገና በር ላይ ጥያቄ የሚጠየቅ ከሆነ ጠርሙሱ ይጠየቅ፤ ማንጎው ይግባ።