የሰው ድካም የሚለብስ አለቃ

ሌብነት ሲባል ብዙ ሰው ወዲያው የሚያስበው ገንዘብ የሰረቀውን ወይም ከብት የነዳውን ሰው ነው። የሰው በሬ የነዳ ሌባ ይፈለጋል፣ ይያዛል፣ በሕግ ይቀጣል። ነገር ግን በመሥሪያ ቤቶቻችን፣ ይልቁንም የዕውቀት ቤት በሚባሉት በኮሌጆቻችን ውስጥ፣ ማንም ሌባ ብሎ የማይጠራው፣ እንዲያውም በየስብሰባው የሚጨበጨብለት ሌላ ሌባ አለ። ይኸውም የበታቹ ሠራተኛ ሌሊት ተቀምጦ የሠራውን ሥራ በማግሥቱ በራሱ ስም ለበላዩ የሚያቀርብ አለቃ ነው። የዛሬው ነገራችን ስለዚህ ሰው ነው።

ይህን የምጽፈው ለወጣቶች ነው። ወለጋ ዩኒቨርሲቲ በ1999 ዓ.ም. በነቀምቴ ማስተማር ከጀመረ ወዲህ በጊምቢና በሻምቡ ቅጥር ግቢዎች ተከፍተዋል፤ ደምቢ ዶሎም የራሷን ዩኒቨርሲቲ አግኝታለች፤ ነቀምቴም የመምህራን ኮሌጅ አላት። ቀድሞ ለከፍተኛ ትምህርት 330 ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዞ አዲስ አበባ መድረስ ግድ ይሆንበት የነበረው የነቀምቴ ወጣት አሁን በአገሩ መማር ይችላል። ይህ የሚያስደስት ነገር ነው። ነገር ግን ኮሌጅ ሲበዛ ወንበርም ይበዛል። ዲን አለ፣ ምክትል ዲን አለ፣ የትምህርት ክፍል ኃላፊ አለ፣ አስተባባሪ አለ። በወንበር ላይ እንዴት እንደሚቀመጡ የሚያስተምር ግን ጥቂት ነው። ዛሬ የምታነብ አንተም ሆንሽ አንቺ፣ ነገ ወይ ከእንዲህ ያለ አለቃ በታች ትሠራላችሁ፣ ወይ ራሳችሁ አለቃ ትሆናላችሁ። ስለዚህ ነገሩን አስቀድሞ ማወቅ ይገባችኋል።

ነጠቃው እንዴት እንደሚፈጸም ልግለጽ። የአንድን ኮሌጅ ስም አላነሣም፤ የምናገረው በብዙ ቦታ ስለሚታይ ልማድ ነውና። ኃላፊው ወጣቱን መምህር ይጠራውና «ለነገ የሚቀርብ ሪፖርት አለ፤ አንተ ጎበዝ ነህ፣ እስቲ አዘጋጅልኝ» ይለዋል። ወጣቱም ጎበዝ በመባሉ ደስ ብሎት ሲጽፍ ያድራል። በማግሥቱ ሪፖርቱ ይነበባል፣ ይመሰገናል፤ የወጣቱ ስም ግን በሽፋኑም ላይ በመጨረሻው ገጽም ላይ የለም። ሌላ ጊዜ ደግሞ አዲስ ሞጁል ይዘጋጃል። አራት መምህራን ምዕራፎቹን ተከፋፍለው ይጽፋሉ፤ ሲባዛ ግን አንድ መስመር ያልጻፈው ኃላፊ ስሙ ከሁሉ በላይ ሰፍሮ ይገኛል። ከሁሉ የሚከፋው በምርምር ላይ የሚደረገው ነው። አንዲት መምህርት በየገበሬው ቤት እየዞረች መጠይቅ ታስሞላለች፣ ትቆጥራለች፣ ታመዛዝናለች፣ ትጽፋለች። ጽሑፉ ለመታተም ሲደርስ «የእኔ ስም ካልገባበት ለሚመጣው የመስክ ሥራ አበል ማስፈቀድ ያስቸግራል» የሚል ቃል ከቢሮ ይመጣል። ቅር ብትሰኝ «አንቺ ገና ልጅ ነሽ፤ ጊዜ አለሽ» ትባላለች።

ይህ ትንሽ ነገር የሚመስለው ሰው የኮሌጅን ኑሮ አላወቀም። የዩኒቨርሲቲ መምህር ከረዳት ፕሮፌሰርነት ወደ ተባባሪ ፕሮፌሰርነት ለማደግ ከሚጠየቃቸው ዋና ነገሮች አንዱ በስሙ ያሳተመው ምርምር ነው። ማዕረጉ ደመወዙን ያሳድጋል፤ የታተመው ስሙም የውጭ ትምህርት ዕድል ሲፈልግ በር ይከፍትለታል። እንግዲህ ስሙን የነጠቀው አለቃ ማዕረጉንም፣ ለልጆቹ የሚሆነውንም እንጀራ ነጥቆታል። በሬ ከነዳው ሌባ በምን ይሻላል? የሚለየው የበሬው ሌባ በጨለማ ሲመጣ እርሱ በቀን፣ ያውም ማኅተም ይዞ በመምጣቱ ብቻ ነው።

ደግሞ ሌላ ጉዳት አለ። በፈተና ላይ ከጎረቤቱ የገለበጠ ተማሪ ቢያዝ ወረቀቱ ይቀደዳል፣ በዲሲፕሊን ኮሚቴ ፊት ይቆማል፣ ይባረራልም። ያን ፍርድ የሚፈርመው እጅ የመምህሩን ሥራ ገልብጦ በስሙ ያሳተመ እጅ ከሆነ፣ ተማሪው ምን ይማራል? መገልበጥ ክፉ መሆኑን አይማርም፤ የሚማረው መገልበጥ ለትንሽ ሰው ክፉ፣ ለትልቅ ሰው ግን መብት መሆኑን ነው። ኮሌጅም ሳያውቀው ከሚያስተምረው ትምህርት ሁሉ ይህኛው ቶሎ ይያዛል።

ለዚህ ነገር ከራሷ ከነቀምቴ ታሪክ የሚገኝ ምሳሌ አለ። አናሲሞስ ነሲብ በኢሉባቦር ተወልዶ በልጅነቱ በባሪያ ነጋዴዎች እጅ የወደቀ፣ በምጽዋ ነጻ ወጥቶ በስዊድን ሚሲዮን ትምህርት ቤት የተማረ ሰው ነው። መጽሐፍ ቅዱስን ወደ ኦሮምኛ ለመተርጎም በተነሣ ጊዜ አንድ ችግር ገጠመው። ከወገኖቹ የተለየው ገና ልጅ ሳለ ነበርና፣ የቋንቋው ጥልቅ ቃላትና የአነጋገሩ ፈሊጥ እንደሚያስፈልገው አልነበረውም። የጎደለውን የሞላችለት አስቴር ጋኖ የምትባል ወጣት ናት። እርሷም በባርነት ተይዛ ስትወሰድ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1886 በጣሊያን መርከብ ነጻ የወጣችና በዚያው በሚሲዮኑ ትምህርት ቤት የተማረች ነበረች። አስቴር የኦሮምኛ ቃላት ሰብስባ መዝገበ ቃላት አዘጋጀች። 500 ያህል እንቆቅልሽ፣ ተረት፣ ምሳሌና ዘፈን ከቃል ወደ ጽሑፍ አወረደች፤ ከዚህም ብዙው በ1894 በታተመው የኦሮምኛ ማንበቢያ መጽሐፍ ገባ። መላው መጽሐፍ ቅዱስ በ1899 በስዊዘርላንድ አገር ሲታተም ግን በርእሱ ገጽ ላይ ተርጓሚ ተብሎ የተጠቀሰው አናሲሞስ ነው። የአስቴር ድርሻ የሚገባውን ያህል ሳይነገር መቅረቱን ያስረዱት ብዙ ዘመን ካለፈ በኋላ የሚሲዮኑን ታሪክ የመረመሩ ጸሐፊዎች ናቸው።

ይህን ያነሣሁት አናሲሞስን ለመውቀስ አይደለም። ሁለቱ አብረው ደክመዋል፤ በ1904 ከሌሎች ጓደኞቻቸው ጋር ወደ ወለጋ ተመልሰው ትምህርት ቤት አቋቁመዋል፤ አስቴርም በነቀምቴ አስተምራለች። ጥፋቱ የዘመኑ ልማድ ነበር። የመሪው ስም ይጻፋል፣ የረዳቱ ይቀራል፤ ረዳቷ ሴት ስትሆን ደግሞ ይልቁን ይቀራል። ነገር ግን የዚህን ልማድ ፍሬ ተመልከቱ። በዚያችው በነቀምቴ ስንት ልጃገረድ «ይህ ለሴት አይሆንም» እየተባለች፣ ከእርሷ በፊት በዚያው ከተማ ያስተማረችውን የዚያችን ሴት ስም ሳትሰማ አድጋ ይሆን? ስም መሰረዝ የሚጎዳው ባለቤቱን ብቻ አይደለም፤ ከኋላ የሚመጣውም ሰው የሚከተለው አርአያ ያጣል። የአስቴር ስም ከአናሲሞስ ስም አጠገብ ቢጻፍስ አናሲሞስ ያንስ ነበርን? ያንስ አይደለም፤ የጎደለውን አውቆ ከበታቹ ለመማር ያላፈረ ሰው ተብሎ ይበልጥ ይከበር ነበር።

ይህ በእኛ አገር ብቻ የደረሰ አይምሰላችሁ። በ1967 በእንግሊዝ አገር በካምብሪጅ ዩኒቨርሲቲ ጆስሊን ቤል የምትባል ተማሪ ከሰማይ የሚመጣውን የራዲዮ ሞገድ የሚመዘግበውን ወረቀት ስትመረምር ለሌላው ሰው ከቁም ነገር የማይገባ ትንሽ ምልክት አየች፤ ፑልሳር የተባሉት ከዋክብት የታወቁት በዚህ ነው። በ1974 ስለዚህ ግኝት የኖቤል ሽልማት ሲሰጥ የተሸለመው መምህሯ አንቶኒ ሂዊሽ ነበር፤ እርሷ አልተካፈለችም። በ2018 ግን 3 ሚሊዮን ዶላር የሆነ ሌላ ሽልማት ሲሰጣት፣ ገንዘቡን ፊዚክስ ለመማር ዕድሉ ለጠበባቸው ተማሪዎች መርጃ እንዲሆን ለቀቀችው። በእርሷ የቀረው በሌላ እንዲደርስ አልፈለገችም። ወጣት ሆይ፣ ይህን ልብ በል፤ ወደ ኋላ እመለስበታለሁ።

እንዲህ ያለው አለቃ ሲጠየቅ የሚሰጠው መልስ ሁለት ነው። የመጀመሪያው «ሥራው ቢበላሽ የምጠየቀው እኔ ነኝ፤ ስለዚህ ምስጋናውም የእኔ ነው» የሚል ነው። እውነት እንደዚህ ቢሆን ነገሩ ባልከፋ ነበር። ነገር ግን የሥራው ውጤት በወደቀ ጊዜ ይህን ሰው አድምጡት። ያን ጊዜ «ሠራተኞቼ ሰነፎች ናቸው፤ የሚያግዘኝ አጣሁ» ይላል፤ የማስጠንቀቂያ ደብዳቤም ይጽፋል። ጥፋት ሲመጣ «እነርሱ»፣ ምስጋና ሲመጣ «እኔ» የሚል ሰው ኃላፊነት ተሸክሞ አያውቅም። ሁለተኛው መልስ «ለሥራው ደመወዝ ይከፈለዋል፤ ሥራውም የመሥሪያ ቤቱ ነው» የሚል ነው። ሥራው የመሥሪያ ቤቱ መሆኑ እርግጥ ነው። የአለቃው ግን አይደለም። ደመወዝ የሠራተኛውን ሰዓትና ጉልበት ይገዛል፤ ይህን የሠራው እገሌ ነው የሚለውን እውነት ግን ማንም ሊገዛው አይችልም።

የወለጋ ገበሬ ይህን ከተማረው ሰው ይልቅ አጥብቆ ያውቃል። ደቦ የጠራ ሰው ጎረቤቶቹ መጥተው እህሉን ሲያጭዱለት ራሱም ማጭዱን ይዞ ከመካከላቸው ይገባል፤ ያበላል፣ ያጠጣል፣ ይመርቃል። ማታ ወደ መንደር ገብቶ «ይህን ማሳ ብቻዬን አጨድኩት» ቢል ይሳቅበታል፤ በሚመጣው ዓመትም የሚመጣለት ሰው የለም። በኦሮሞ የገዳ ሥርዓትም ሥልጣን የአንድ ሰው ርስት አይደለም፤ በየስምንት ዓመቱ ከአንዱ ወደ ሌላው ይተላለፋል። ዩኔስኮ በ2009 ዓ.ም. በሰው ልጅ ቅርስነት የመዘገበው ይህ ሥርዓት ከጥንታዊ የመሰብሰቢያ ስፍራዎቹ አንዱ ኦዳ ቡሉቅ በሆሮ ጉዱሩ ይገኛል። ከዚህ ምድር የበቀለ የኮሌጅ ሹም ወንበሩ የውሰት መሆኑን ከማንም ሊማር ባላስፈለገው ነበር። እርሱ ግን ከአባቶቹ ምክር የመረጠው «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» የሚለውን ነው። የሚበላውም ገንዘብ ባጣ ጊዜ የሰው ስም ይበላል።

ከዚህም የተነሣ ኮሌጁ ቀስ በቀስ ባዶ ይሆናል። ትጉሁ መምህር አንድ ጊዜ ሲነጠቅ ያዝናል፣ ሁለተኛ ሲነጠቅ ይናደዳል፣ በሦስተኛው «ሺ ቢታለብ ያው በገሌ» እንዳለችው ድመት ሆኖ ይተወዋል። ሰዓቱን ጠብቆ ይገባል፣ ያረጀ ማስታወሻውን ያነባል፣ ሰዓቱን ጠብቆ ይወጣል። ሌላ ሥራ ያገኘ ቀን ደግሞ ይሄዳል። በአለቃው ዙሪያ የሚቀረው አጨብጫቢ ብቻ ነው። አጨብጫቢ ደግሞ የሚያስነጥቀው ሥራ ስለሌለው ነጠቃ አያስፈራውም።

ሆኖም ጥፋቱን ሁሉ በአለቃው ላይ ጭነን የበታቹን ነጻ ብናወጣ ፍርዳችን ጎደሎ ይሆናል። ሳይጠየቅ የአለቃውን ስም በጽሑፉ ላይ የሚያስገባ መምህር አለ። የሚፈልገውም ለሥልጠና መላክ፣ አበል ካለው ኮሚቴ መግባት ነው። ይህ ሰው ተነጠቀ አይባልም፤ ስሙን ራሱ ሸጦታል። ሌላውም የተነጠቀው ሰው በበኩሉ ከበታቹ የሚነጥቅ ነው። በዲኑ የተበደለው መምህር የተማሪውን የመመረቂያ ጽሑፍ በራሱ ስም ያሳትማል። የላቦራቶሪው ሠራተኛ ዕቃውን አጥቦ፣ ሙከራውን አዘጋጅቶ፣ ሳይሳካ ሲቀር ደግሞ ደግሞ የሠራበትን ጽሑፍ ስሙን ሳያነሣ ይጽፋል። በምረቃ ቀን የክብር እንግዶች አንድ በአንድ ይመሰገናሉ፤ የስድስት መቶውን ተማሪ ውጤት ሳይሳሳት የመዘገበው የሬጅስትራር ጸሐፊና አዳራሹን በሌሊት ያጸዳችው ሴት ግን አይነሡም። አንተ በየጧቱ የምትማርበትን ክፍል የምታጸዳልህን ሴት ስሟን ታውቃለህን? ካላወቅኸው፣ ዛሬ የምትጠላውን አለቃ መምሰል ጀምረሃል።

እንግዲህ ምን እናድርግ? ወጣት ሆይ፣ የበታች በሆንህ ጊዜ አለቃህን አታዋርድ፣ አትሳደብም። ነገር ግን ረቂቁን ስትሰጠው በአክብሮት «ያዘጋጀነው ሰዎች ስም ከታች ይግባልን» በለው። ቀኑን ጽፈህ አንድ ቅጂ ለራስህ አስቀር። ያልሠራ ሰው ስም በሥራህ ላይ እንዲገባ በገዛ እጅህ አትጻፍ። ጓደኛህ ሲነጠቅ አይተህ ዝም አትበል፤ በስብሰባው ላይ ተነሥተህ «ይህን የሠራችው እርሷ ናት» ማለት ብዙ ድፍረት አይጠይቅም። አለቃ በሆንህ ጊዜ ደግሞ ሥራውን ለበላይህ ስታቀርብ ሠራተኛህን ይዘኸው ግባ፤ ራሱ ያስረዳ። በቃለ ጉባኤው ላይ ሐሳቡን ያመጣው ሰው ስም ይጻፍ። ጥፋት ሲመጣ አንተ ከፊት ቁም።

ይህን ለመጀመር የዲንነት ደብዳቤ እስኪደርስህ መጠበቅ አያስፈልግህም። በዚህ ሳምንት ከጓደኞችህ ጋር የምታስረክበው የቡድን ሥራ ይኖር ይሆናል። ሽፋኑን ስትጽፍ የሠሩትን ሁሉ ስም አስገባ፤ ያልሠራህበት ከሆነ ግን የራስህን ስም አውጣ።