የተማሪ ድካም ከየት ይጀምራል?

በኢትዮጵያ የ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተና ውጤት በተገለጸ ጊዜ፣ ከ896,520 ተፈታኞች መካከል ኀምሳ ከመቶና ከዚያ በላይ ያገኙት 29,909 ብቻ መሆናቸው ተሰማ። በተከታዩ ዓመት ደግሞ የአላፊዎቹ ቍጥር ወደ 3.2 ከመቶ ዝቅ አለ፤ በ1,328 ትምህርት ቤቶችም አንድ እንኳ ያለፈ ተማሪ ሳይገኝ ቀረ። በ2016 ዓ.ም. 5.4 ከመቶ፣ በ2017 ዓ.ም. 8.4 ከመቶ ሆኖ ጥቂት መሻሻል መታየቱ አይካድም። ይሁን እንጂ ዐሥራ ሁለት ዓመት በትምህርት ገበታ ላይ ተቀምጠው ከቀረበላቸው ጥያቄ እኩሌታውን መመለስ የተሳናቸው ወጣቶች ከመቶ ከዘጠና በላይ መሆናቸው ያው ነው።

ይህ ውጤት ከተሰማ ወዲህ ብዙ ሰዎች ጥፋቱን በፈተናው አሰጣጥ ላይ ጥለውታል። ተማሪዎቹ ከየቤታቸው ርቀው ወደ ዩኒቨርሲቲዎች ተወስደው በእንግዳ ስፍራ በመፈተናቸው መንፈሳቸው ታወከ የሚሉ አሉ። ይህ ክርክር ጥቂት እውነት ባያጣም ጉዳዩን ከሥሩ አይነካም። በ2008 ዓ.ም. የፈተናው ጥያቄዎች ከቀኑ አስቀድመው ወጥተው በመገኘታቸው ፈተናው እስከ መሰረዝ መድረሱ የሚዘነጋ አይደለም። በየትምህርት ቤቱ ሲደረግ የነበረው መኰራረጅም ለማንም የተሰወረ አልነበረም። እንግዲህ ሚዛኑ ስለ ተስተካከለ እህሉ ጐደለ ማለት አይቻልም፤ ጐደሎው እህል ዱሮም ጐደሎ ነበር። ይህን ከነጋዴ የተሻለ የሚያውቀው የለም።

ጕድለቱ የሚጀምረው ከ12ኛ ክፍል እጅግ ርቆ ነው። በ2002 ዓ.ም. በስድስት ቋንቋዎች የሚማሩ የታችኛው ክፍል ሕፃናት የንባብ ችሎታ በተመረመረ ጊዜ፣ ከሁለተኛ ክፍል ልጆች 34 ከመቶ የሚሆኑት ከቀረበላቸው ምንባብ አንዲት ቃል እንኳ ማንበብ አልቻሉም ነበር። በእነዚያ ዓመታት አንደኛና ሁለተኛ ክፍል የነበሩት ልጆች በ2014 ዓ.ም. ወደ ፈተናው አዳራሽ ከገቡት ወጣቶች ጋር የአንድ ትውልድ ልጆች መሆናቸውን ማንም ሰው በጣቱ ቈጥሮ ሊደርስበት ይችላል። ፊደል ያልለየ ልጅ በአራተኛ ክፍል የሒሳብን ጥያቄ በቃሉ ካልተነገረው በቀር አይረዳውም፤ በስድስተኛ ክፍል የኅብረተሰብ ትምህርት መጽሐፍ ለእርሱ የተዘጋ ሣጥን ነው፤ ቢሆንም ከክፍል ወደ ክፍል መዛወሩ አይቀርም። መምህሩ ሰባ ልጆች በአንድ ክፍል ይዞ የትኛው እንደሚያነብ፣ የትኛው የጓደኛውን ድምፅ ተከትሎ እንደሚያስተጋባ ለመለየት ጊዜ የለውም። እንደዚህ ያለው ልጅ ዝምተኛና ጨዋ ስለሚሆን ማንም ሳያውቅበት ይኖራል። የሚያውቁበት በፈተናው ቀን ነው።

የማስተማሪያ ቋንቋም ከዚሁ ጋር የተያያዘ ነገር ነው። በ1986 ዓ.ም. የወጣው የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲ ሕፃናት በአፍ መፍቻ ቋንቋቸው እንዲማሩ ማድረጉ በጎ ሥራ ነበር። ይሁን እንጂ በ9ኛ ክፍል፣ በአንዳንዱ ክልል እንዲያውም ቀደም ብሎ፣ ትምህርቱ ሁሉ በአንድ ጊዜ ወደ እንግሊዝኛ ይዞራል። በራሱ ቋንቋ ማንበብን በሚገባ ያልጨበጠ ልጅ በሰው ቋንቋ ፊዚክስና ኬሚስትሪ እንዲማር ሲጠየቅ ያለው አማራጭ በቃል መያዝ ብቻ ይሆናል። ቋንቋን ሳያደላድሉ መለወጥ የሚያስከትለውን ጕዳት ደግሞ የቀይ ባሕር ዳርቻ ሕዝብ ከማንም ይልቅ ያውቀዋል። በ1944 ዓ.ም. የጸደቀው የኤርትራ ሕገ መንግሥት ትግርኛንና ዐረብኛን የመንግሥት ቋንቋዎች አድርጎ ሳለ፣ ፌዴሬሽኑ እየላላ በሄደበት ዘመን አማርኛ የማስተማሪያ ቋንቋ ሆኖ በመግባቱ፣ በትግርኛና በዐረብኛ የጀመሩት ልጆች የሚያውቁትን ትምህርት እንደማያውቁት ሆነው ተቀመጡ። ነገሩም ከትምህርት ቤት ግቢ አልፎ የፖለቲካ ቍስል ሆነ።

ከዚህ ቀጥሎ የሚነሣው የሆድ ነገር ነው። ቍርስ ሳይበላ የሚመጣ ልጅ ከሦስት ሰዓት በኋላ ዓይኑ ሰሌዳው ላይ ቢሆንም ልቡ ከዚያ የለም። በአዲስ አበባ ከ2012 ዓ.ም. የትምህርት ዘመን ጀምሮ በመንግሥት ትምህርት ቤቶች ቍርስና ምሳ በከተማው ወጪ እንዲቀርብ መደረጉ ስለዚህ የሚመሰገን ነው። ልጆች በርኀብ ከክፍል መውደቃቸው ቀርቶ፣ ማለዳ ለመምጣትም የሚሽቀዳደሙ ሆነዋል። ዳሩ ግን እንዲህ ያለው ነገር ከዋና ከተማ ውጭ፣ ድርቅ በሚመላለስባቸው ወረዳዎች፣ በርዳታ ድርጅት ፈቃድ ላይ ሲንጠለጠል ይታያል፤ ርዳታው ሲቋረጥ ልጆቹም ይቋረጣሉ። አንድ የወረዳ ከተማ ነጋዴዎች ለበዓልና ለድግስ የሚያዋጡትን ያህል ለአንድ ትምህርት ቤት የቈሎና የእንጀራ ወጪ ቢያዋጡ ከአቅማቸው በላይ አይሆንም። ደግሞም የሚገዛው እህል ከእነርሱው መደብር ነው።

ስለ ጊዜም መናገር ያስፈልጋል። በገበያ ቀን ከክፍል የሚጐድለው ልጅ ብዙ ነው። አባቱ ዕቃ እንዲያወርድ፣ ሱቅ እንዲጠብቅ፣ መልስ እንዲመልስ ያስቀረዋል፤ እኅቱም ውሃ ስትቀዳ ደወሉ ያልፋል። በሳምንት አንድ የገበያ ቀን የሚቀር ልጅ ከአምስቱ የትምህርት ቀናት አንዱን፣ ማለት የዓመቱን ትምህርት አንድ አምስተኛ እንዳጣ መቍጠር ነው። በዚህም ላይ ትምህርት ቤቱ በፈረቃ የሚሠራ ሲሆን የቀረው ቀን ራሱ ግማሽ ቀን ነው። ብዙ ነጋዴ ልጁ በሱቅ ውስጥ ሒሳብ እየተማረ እንደ ሆነ አድርጎ ያስባል። መደመርና መቀነስ ይማር ይሆናል፤ ሆኖም በሱቅ ውስጥ አልጀብራ የተማረ ልጅ አልታየም።

የመምህሩ ጉዳይ የአስተዳዳሪዎች ድርሻ ነው። በልዩ ልዩ ክልሎች ደመወዝ ለወራት ሳይከፈል የቈየበት ጊዜ መኖሩን ሁሉም ያውቃል። ደመወዙ ያልደረሰው መምህር ወደ ክፍል ቢገባም፣ ማታ የቤት ሥራ ከማረም ይልቅ ሌላ ሥራ መፈለጉ አያስደንቅም። በ2015 ዓ.ም. አዲሱ ሥርዓተ ትምህርት ሲጀመር መጻሕፍቱ በወቅቱ ታትመው ባለመድረሳቸው በብዙ ስፍራ መምህሩም ተማሪውም ባዶ እጃቸውን ቀርተው ነበር። ከዚህ ሁሉ ይልቅ ግን ብዙም የማይነገርለት አንድ ልማድ አለ፤ ይኸውም የተሻለው መምህር ወደ ላይኛው ክፍል ሲመደብ አዲሱና ልምድ የሌለው ወደ አንደኛ ክፍል መላኩ ነው። ፊደል የሚያስቈጥር ሰው እንደ ዝቅተኛ ሠራተኛ ስለሚቈጠር ነው። ዱሮ ግን የኔታ የተከበሩ ነበሩ።

በትግራይ ልጆች በወረርሽኙና በ2013 ዓ.ም. በተነሣው ጦርነት ምክንያት ሦስት ዓመት ያህል ከትምህርት ርቀው ቈይተዋል። በአማራ ክልልም ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ወዲህ በግጭቱ የተዘጉት ትምህርት ቤቶች ብዙ ናቸው። ስለ እነዚህ ልጆች ውጤት ሲነገር ስንፍናን ማንሣት ግፍ ነው።

ከ2015 ዓ.ም. ጀምሮ መንግሥት ማለፊያውን ካላገኙት መካከል የተሻለ ነጥብ ያላቸውን መርጦ፣ ሪሜዲያል የሚባለውን የአቅም ማሻሻያ ትምህርት በዩኒቨርሲቲዎች እንዲከታተሉ አድርጓል። ለእነዚያ ልጆች በር መክፈቱ መልካም ነው። ነገር ግን የዐሥራ ስምንት ዓመት ወጣት በጥቂት ወራት ውስጥ የዐሥራ ሁለት ዓመት ጕድለት እንዲሞላ መጠየቅ ውድ ሥራ ነው፤ ያው ገንዘብና ያው መምህር በሁለተኛ ክፍል ቢውል በአንድ ልጅ ፋንታ ብዙዎቹን ባዳነ ነበር።

ስለዚህ እያንዳንዱ የወረዳ አስተዳደር በየዓመቱ በግንቦት ወር የሁለተኛ ክፍል ልጆችን አንድ በአንድ አስቀርቦ፣ ከመጽሐፋቸው አንዲት ገጽ አስነብቦ፣ ስንቱ እንዳነበበና ስንቱ እንዳላነበበ በየትምህርት ቤቱ ስም ጽፎ በአስተዳደሩ በር ላይ ቢለጥፍ ብዙ ወጪ አይጠይቀውም። ወላጆችና ነጋዴዎችም ሲያልፉ ያነቡታል። ያላነበቡት ልጆች ስም ሳይወጣ ቍጥራቸው ብቻ ለርእሰ መምህሩ ይሰጥና፣ በክረምቱ ሁለት ወራት በሰንበት ትምህርት ቤት፣ በመስጊድ ግቢ ወይም በቀበሌ አዳራሽ የሚያስተምራቸው አንድ ሰው ይመደባል። የዚያን ሰው አበል የከተማው ነጋዴዎች ማኅበር ሊሸፍነው ይችላል።