አባል ናት፤ መራጭ ግን አይደለችም

እ.ኤ.አ. በጥር 2015 ከተለያዩ አገሮች የመጡ የቤት ሠራተኞች በፌናሶል የሠራተኞች ፌዴሬሽን ጥላ ሥር ቤይሩት ላይ ማኅበራቸውን መሠረቱ። የወቅቱ የሥራ ሚኒስትር ሰጅዓን ቃዚ ግን ማኅበሩ ሕገ ወጥ ነው በማለት ዕውቅና ነፈጉት።

ክርክሩ ከዚያ ወዲህ በአብዛኛው በፈቃዱ ዙሪያ ሲሽከረከር ቆይቷል። ይሁንና ፈቃዱ ቢገኝ እንኳ ሌላ በር ተዘግቶ ይጠብቃል። በ1946 በወጣው የሊባኖስ የሥራ ሕግ አንቀጽ 92 መሠረት የሥራ ፈቃድ ያላት የውጭ ዜጋ የማኅበር አባል መሆን ትችላለች፤ የማኅበሩን ቦርድ መምረጥም ሆነ ለቦርዱ መመረጥ ግን አትችልም። የውጭ አገር አባላት ከመካከላቸው አንድ ሰው ወክለው ጉዳያቸውን ለቦርዱ ማስረዳት ይፈቀድላቸዋል። ተወካዩ ይናገራል፤ የሚወስኑት ሌሎች ናቸው።

በዶራና በቡርጅ ሐሙድ እሑድ እሑድ የሚገናኙ ኢትዮጵያውያት ደመወዛቸው ሲከለከል፣ ፓስፖርታቸው ሲያዝ የሚሟገትላቸውን መሪ በድምፃቸው መሾምም መሻርም አይችሉም ማለት ነው። የፈቃዱ ጥያቄ ብቻውን ጎዶሎ የሚሆነውም ለዚህ ነው። የመደራጀት ነፃነትን የሚደነግገውን የዓለም የሥራ ድርጅት ስምምነት ቁጥር 87 ኢትዮጵያ በ1963 ስታጸድቅ፣ ሊባኖስ ግን ለአሥርት ዓመታት ሳታጸድቀው ቆይታለች። አዲስ አበባ ስለ ዜጎቿ ከቤይሩት ጋር በምትነጋገርበት ጠረጴዛ ላይ ከደመወዙ ጎን አንቀጽ 92ም በስሙ ተጠርቶ ሊነሣ ይገባል።