ስለ ቡችላ ጠባይና ስለ አያያዙ

በመንዝ ደጋ በግ ያለው ሰው ውሻ አያጣም። ነገር ግን ውሻን እናሳድጋለን እንጂ ጠባዩን እናውቃለን ለማለት እቸገራለሁ። ቡችላውን ከእናቱ እንደ ለየን እናስረዋለን፤ «ኀይለኛ ይሁን» እያልንም በዱላ እንነካካዋለን። እኔም ይህንኑ አድርጌአለሁ።

ዓምና የእንስሳት ሐኪሞች የዕብድ ውሻ በሽታ ክትባት ይዘው ወደ መንደራችን በመጡ ጊዜ የእኛን ውሻ የሚይዝ ጠፋ። አባቴ በገመድ፤ እኔ በጆንያ ሞከርን። ውሻው ግን አጥሩን ዘሎ ሄደ፤ ሳይከተብም ቀረ። ጎረቤቶቻችን ሳቁ። ከሁለት ወር በኋላ ግን ያው ውሻ የጎረቤታችንን ልጅ ነከሰ። ቁስሉ በውሃና በሳሙና ታጥቦ ልጁ በዚያው ቀን ወደ ጤና ጣቢያ ስለ ተወሰደና ክትባቱን ስለ ጨረሰ ዳነ፤ ውሻው ተገደለ። በእኔ አስተያየት ጥፋቱ የውሻው አልነበረም።

የውሻን ጠባይ የመረመሩ ሊቃውንት እንደሚሉት ቡችላ ከ3ኛው ሳምንት እስከ 12ኛው ሳምንት ገደማ ያየውንና የተነካካውን ሁሉ በቀላሉ ይለምዳል። ይህ ጊዜ ካለፈ ማላመዱ እጅግ ይከብዳል። ሆኖም ማላመድ ማለት ማስጨነቅ አይደለምና ቡችላው በሰውነቱ የሚናገረውን ማወቅ ያስፈልጋል።

ጅራቱን የሚወዘውዝ ሁሉ ደስ ብሎታል ማለት አይደለም። ሰውነቱን አድርቆ፤ ጅራቱን ወደ ላይ አቁሞ፤ ትክ ብሎ እያየ ቢወዘውዝ መጠንቀቅ ይገባል። ደስ ያለው ቡችላ ወገቡን ጭምር ያወዛውዛል። መጫወት ሲፈልግ ደረቱን ወደ መሬት ዝቅ፤ ኋላውን ከፍ ያደርጋል። ምግብ ሳያይ ከንፈሩን ቢልስ፤ እንቅልፍ ሳይመጣበት ቢያዛጋ፤ ፊቱን ቢያዞር፤ ጅራቱን ቢሸጉጥ ብዙውን ጊዜ ፈርቷል። እኛ ግን ፊቱን ሲያዞር «ናቀኝ» ብለን እንመታዋለን። ሲያጉረመርምም እንመታዋለን፤ እንግዲህ ሳያስጠነቅቅ መንከስን ያስተማርነው እኛው ነን።

ሽማግሌዎች «ሰው የለመደ ውሻ ቤት አይጠብቅም» ይላሉ። እኔ ግን በዚህ አልስማማም። ቤተ ሰቡንና መንጋውን የለመደ ውሻ በማያውቀው ሰው ላይ መጮኹን አይተውም፤ በፍርሃት ያደገው ግን ሌባውንም ሕፃኑንም አይለይም።

ደግሞም ያልተከተበ ውሻ መዘዙ ለሰው ብቻ አይደለም። ከኢትዮጵያ በቀር በየትም የማይገኘውና ትልልቆቹ 500 ያህል ብቻ የሆኑት ቀይ ቀበሮ እዚሁ ጓሳ ውስጥ ይኖራል። በ1996 ዓ.ም. በባሌ ተራሮች፤ ወብ በተባለው ሸለቆ፤ ከውሾች የተጋባው ይኸው በሽታ አብዛኞቹን ቀበሮዎች ጨርሷል።

አሁን 9 ሳምንት የሆነው ቡችላ አለን። በየቀኑ መዳፉን፤ ጆሮውንና አፉን ጥቂት እነካካዋለሁ፤ ካዛጋ እተወዋለሁ። እናቴ «እጅህን ታጠብ!» ትለኛለች፤ እውነቷን ነው። የክፍል ጓደኞቼም እየመጡ ቢያላምዱልኝ ደስ ይለኛል፤ ድንጋዩን ግን ከደጅ ትተው ይግቡ። 3 ወር ሲሞላው ለክትባቱ ያለ ገመድ አቅፌ ልወስደው አስቤአለሁ።