ይሄን ሰውዬ የት ነው የማውቀው?

«ስማኝማ፣» አለኝ ወዳጄ ማኪያቶውን እያማሰለ፣ «ትናንት ማታ ልጆቹ የኢንዲያና ጆንስን ፊልም ከፍተው አየሁ። ሂትለር ሆኖ የሚወጣው ሰውዬ መልኩ አልጠፋኝም፤ ስሙን ግን ብትገድለኝ አላውቅም።»

«ማይክል ሺርድ ይባላል።»

«ማን?»

«ይኸው! በስሙ ማን ያውቀዋል? እ.ኤ.አ. በ1980 የወጣው ስታር ዎርስ ላይ ዳርዝ ቬደር በስክሪን እያነጋገረ ከሩቅ አንቆ የሚገድለው አድሚራልስ?»

«አትለኝም! ያ ጉሮሮውን ይዞ የሚንፈራገጠው?»

«እሱው ነው። አስከሬኑ ሳይነሳ ሹመቱ አጠገቡ ለቆመው ካፒቴን ተሰጠ። እኛም ቬደርን ይበልጥ ፈራነው። ፈሪ ያደረገን ግን ሟቹ ነው፤ እሱ በደንብ ባይታነቅልን ቬደር ምን ያስፈራል?»

«ሂትለሩስ?»

«የ1989ኙ ፊልም ነው። በርሊን፣ መጽሐፍ እየተቃጠለ፣ ጆንስ የጀርመን መኮንን ልብስ ለብሶ፣ በፊልሙ ያ ሁሉ ግብግብ የሚደረግበትን ማስታወሻ በእጁ እንደያዘ ከሂትለር ጋር ፊት ለፊት ይገጣጠማል። ሰውዬው ግን ፊርማ የፈለገ አድናቂ መስሎት ፈርሞ ይመልስለታል!»

ወዳጄ ከት ብሎ ሳቀ።

«የሚገርምህ፣» አልኩት፣ «ሺርድ በ1938 አበርዲን፣ ስኮትላንድ የተወለደ የቄስ ልጅ ነው። ሂትለርን አምስት ጊዜ ተጫውቷል። ‹ዶክተር ሁ› በሚባለው ተከታታይ ድራማም በስድስት ታሪኮች ውስጥ ስድስት የተለያዩ ሰዎችን ሆኖ ገብቷል።»

«ታዲያ እዚያው አገሩ በሂትለርነቱ ነዋ የሚታወቀው።»

«ተሳሳትክ። በአስተማሪነቱ ነው! ከ1985 እስከ 1989 ‹ግሬንጅ ሂል› በሚባል የልጆች ድራማ ላይ ሚስተር ብሮንሰን የሚሉት ዊግ ያጠለቀ፣ ቁጡ መምህር ነበር። ዳኒ ኬንዳል ከሚባል ተማሪ ጋር ዓይንና ናጫ ሆነው ኖሩ። በመጨረሻ ልጁ ሞቶ የተገኘው የት ይመስልሃል? የመምህሩ መኪና ውስጥ።»

ወዳጄ ማንኪያውን አስቀመጠ። «እኔም እኮ ስድስተኛ ክፍል አንድ ሒሳብ አስተማሪ ነበረኝ... ዛሬም ሳየው መንገድ እቀይራለሁ።»

«አየህ? ሂትለርን በታሪክ ነው የምናውቀው። ቁጡ አስተማሪ ግን ሁላችንም አለን።»

ሺርድ በ2005 አረፈ። የሕይወት ታሪኩን መጀመሪያ በጻፈ ጊዜ ርዕስ ያደረገው አድሚራሉንም ሂትለርንም አልነበረም። «የስ፣ ሚስተር ብሮንሰን» ብሎታል፤ ልክ እኛ ተነስተን ቆመን «እሺ ቲቸር» እንደምንለው።